ፐንተር የሚለጋው በእጁ ነው

የቀረበው ጥያቄ፦ «ልጄ አሥራ ስድስት ዓመቱ ነው፤ የምንኖረው ሜሪላንድ ነው። ከሕፃንነቱ ጀምሮ እግር ኳስ ይጫወት ነበር። ዘንድሮ የትምህርት ቤቱ የአሜሪካ ፉትቦል አሰልጣኝ ሲለጋ አይቶት ‹ፐንተር ሁንልኝ› ብሎ ወሰደው። አባቱ ‹ኳሱን ለግቶ ለተጋጣሚ የሚያስረክብ ሰው ምን ዓይነት ተጫዋች ነው?› እያለ ይስቃል። ሌሎች ደግሞ ኮሌጅ በነጻ ያስገባዋል ይሉኛል። እውነት ነው? ከዚያስ በኋላ መተዳደሪያ ይሆነዋል?»

እህቴ፣ ከጠየቁኝ ሁሉ የሚከብደው የባለቤትዎ ሳቅ ነው፤ እርሱ ሳይመለስ የቀረው አይገባም። እኔ በአንድ አነስተኛ ኮሌጅ አራት ዓመት በፐንተርነት ስጫወት አባቴ ስታዲየም የመጣው ሁለት ጊዜ ብቻ ነው። የመጀመሪያው ቀን ስንመለስ መኪና ውስጥ ረጅም ሰዓት ዝም ብሎ ቆየና «እና አንተን የሚያስገቡህ ሌሎቹ ሲያቅታቸው ነው?» አለኝ። ያን ጊዜ መልስ አልነበረኝም። አሁን የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎችን አለጋግ ሳስተምር ብዙ ዓመት ስለሆነኝ ልሞክር። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

አጥቂው ቡድን 10 ያርድ፣ ማለትም ዘጠኝ ሜትር ከጥቂት፣ ለመራመድ አራት ሙከራ ይሰጠዋል። በሦስቱ ካልተሳካለት አራተኛው ላይ ቆም ብሎ ማሰብ አለበት፤ ሞክሮ ቢያቅተው ተጋጣሚው ኳሱን እዚያው ከወደቀበት ይረከበዋል። ሜዳው ከግብ መስመር እስከ ግብ መስመር 100 ያርድ ነው። የልጅዎ ቡድን በገዛ ሜዳው 30ኛ መስመር ላይ፣ ማለትም ከገዛ ግብ መስመሩ 30 ያርድ ብቻ ርቆ፣ ተይዞ አራተኛውን ሙከራ ቢያበላሽ፣ ተጋጣሚው ነጥብ ለማግኘት የሚቀረው 30 ያርድ ብቻ ነው። ልጅዎ ገብቶ ኳሱን ከእጁ ለቆ በመለጋት 45 ያርድ ቢያሻግረውና እዚያው ቢቀር ግን 75 ያርድ ይቀረዋል። ኳሱ መሰጠቱ አልቀረም፤ ፐንተሩ የሚወስነው የት እንደሚሰጥ ነው። የማይቀር ዕዳ ቀጠሮው ሲራቅ ማለት ነው።

ድሮ ይህ ሥራ ከዛሬው ይበልጥ ይከበር ነበር። በኖቬምበር 1939 ቴክሳስ ቴክና ሴንተነሪ የሚባሉ ኮሌጆች በሉዊዚያናዋ ሽሪቭፖርት ከተማ በዝናብ በጨቀየ ሜዳ ተገናኙና ሁለቱ ቡድኖች በድምሩ 77 ጊዜ ለጉ። ውጤቱ ዜሮ ለዜሮ ሆነ። ኳሱን ታቅፎ ጭቃ ላይ ከመንሸራተት ለሌላው ሰጥቶ እርሱ ሲንሸራተት መጠበቅ ይሻላል ብለው ነው። ባለቤትዎ ያን ጨዋታ ቢያዩት ኖሮ ሳቃቸው እስከ ማታ ባላቆመም ነበር።

የቅርቡን ምሳሌ ከፈለጉ ግን የአዮዋ ዩኒቨርሲቲን ይንገሯቸው። በ2022 የውድድር ዘመኑ መክፈቻ ላይ አዮዋ ሳውዝ ዳኮታ ስቴትን 7 ለ 3 አሸነፈ፤ ኳስ ይዞ ግብ መስመር ያለፈ አንድም ተጫዋች ግን አልነበረውም። ሰባቱ ነጥብ የመጣው ከአንድ የሦስት ነጥብ ምትና ከሁለት ሴፍቲ ነው። ሴፍቲ ማለት ተጋጣሚው በገዛ ግብ ክልሉ ውስጥ ተይዞ ሲወድቅ የሚቆጠርበት ሁለት ነጥብ ነው፤ እዚያ ድረስ የሚያፈገፍገው ደግሞ ኳሱን የጀመረው ከግቡ አፋፍ ከሆነ ነው። የአዮዋ ፐንተር ቶሪ ቴይለር የሚባል የአውስትራሊያዋ ሜልቦርን ልጅ ነበር። ያን ቀን አሥር ጊዜ ለግቶ ሰባቱን ከተጋጣሚው 20ኛ መስመር ወዲያ አሳረፈ። በሚቀጥለው ዓመት በ2023 ደግሞ 93 ጊዜ ለግቶ 4,479 ያርድ ሰበሰበ፤ ከ1938 ጀምሮ ሳይነካ የኖረውን የአንድ የውድድር ዘመን ክብረ ወሰን የሰበረው በዚህ ነው። ይህን ያህል ለመለጋት ያጥቂው ክፍል ምን ያህል ደካማ መሆን እንዳለበት አንባቢ ይገምት። ያም ሆኖ አዮዋ በዚያ ዓመት አሥር ጨዋታ አሸንፏል።

እንግዲህ ጥሩ ፐንተር የሚባለው ማን ነው? ልጅዎ ምናልባት «ዛሬ 55 ያርድ ለጋሁ» እያለ ቤት ይገባ ይሆናል። ደስታውን አይቀንሱበት፤ ግን ኳሱ በአየር ላይ ስንት ሰከንድ እንደቆየ ይጠይቁት። ዝቅ ብሎ የተወረወረ የ55 ያርድ ኳስ ተቀባዩ እጅ የሚገባው የእኛ ልጆች ገና ግማሽ መንገድ ላይ ሳሉ ነው፤ ተቀባዩ ያንን ባዶ ሜዳ 20 ያርድ ሮጦ ይመልሰዋል፤ ትርፉ 35 ሆነ ማለት ነው። 45 ያርድ ሄዶ አራት ሰከንድ ተኩል በአየር ላይ የቆየ ኳስ ግን ከሯጮቻችን ጋር እኩል ይወርዳል፤ ተቀባዩ እጁን አንሥቶ «አልሮጥም፣ አትንኩኝ» የሚል ምልክት ከማሳየት ሌላ ምርጫ የለውም። ትርፉ 45 እንዳለ ይቀራል። ከመጠን በላይ ማራቅም ቅጣት አለው፤ ኳሱ የግብ መስመሩን ካለፈ ወደ 20ኛው መስመር ተመልሶ ይሰጣቸዋል። ከሜዳው መሀል የተለጋ፣ ተመልካች ያጨበጨበለት የ55 ያርድ ምት፣ በአሰልጣኙ መዝገብ ላይ 30 ብቻ ሆኖ ይጻፋል። ኮሌጆች ልጅ ሲመለምሉ የሚያዩት ይህን የተጣራውን ቁጥርና ሰከንዱን ነው።

አሁን ወደ ርእሴ ልምጣ። ሰው ሁሉ ፐንተር በእግሩ የሚሠራ ይመስለዋል። እኔ ስንት ብርቱ እግር ያላቸው ልጆች በእጃቸው ሲወድቁ አይቻለሁ። ልጅዎ ከእግር ኳስ ስለመጣ ይህ ክፍል በተለይ እርሱን ይመለከታል።

ኳሱን የሚያቀብለው ልዩ ተጫዋች፣ ሎንግ ስናፐር የሚባለው፣ ጎንበስ ብሎ በእግሮቹ መካከል ወደ ኋላ ይወረውረዋል። ፐንተሩ የሚቆመው ከእርሱ 14 ወይም 15 ያርድ ወደ ኋላ ነው። ኳሱ ያን መንገድ ከአንድ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ይጨርሳል። ከውርወራው ጀምሮ ኳሱ ከፐንተሩ እግር እስኪለቅ ያለው ጠቅላላ ጊዜ ሁለት ሰከንድ ገደማ ነው፤ ከዚያ ካለፈ የሚሮጥበት ሰው እጁን ዘርግቶ ኳሱን ያከሽፈዋል። በዚህች ሁለት ሰከንድ ውስጥ መቀበል፣ ኳሱን በመዳፍ ላይ አስተካክሎ ማዞር፣ ሁለት እርምጃ መራመድ፣ መልቀቅ፣ መለጋት አለ። ከእነዚህ ሁሉ የሚያስቸግረው መልቀቁ ነው።

የእግር ኳስ ግብ ጠባቂ ኳሱን ከእጁ ሲለጋ ኳሱ ክብ ስለሆነ በየትኛውም ጎኑ ቢወድቅ ያው ነው፤ ወደ ላይ ቢወረውረውም ችግር የለም። ይህኛው ኳስ ግን እንደ ትልቅ የሎሚ ፍሬ ሁለት ጫፍ አለው፤ 400 ግራም ያህል ይመዝናል። ከወገብ ከፍታ ሲለቀቅ ጫፉ ትንሽ ወደ መሬት፣ ለቀኝ እግረኛ ደግሞ ትንሽ ወደ ግራ ዞር ብሎ፣ በአየር ላይ ሳይገለበጥ ልክ እንደተያዘ ሆኖ መውረድ አለበት። እንዲያ ከወረደ የእግሩ ላይኛው ጠንካራ አጥንት ሆዱን ያገኘዋል፤ ኳሱም እንደ እንዝርት እየሾረ ይወጣል። ጫፉ በሁለት ጣት ያህል ከተዛነፈ ግን የቱንም ያህል ቢለጉት ኳሱ ወደ ተመልካች ይሄዳል ወይም እንደ ተመታ ወፍ ይገለባበጣል። የተበላሸ ምት አይቼ ልጆቼን «ምን ሆነ?» ብዬ ስጠይቃቸው ሁልጊዜ ስለ እግራቸው ይነግሩኛል። ቪዲዮውን ስንመልሰው ስሕተቱ ኳሱ እግር ከመንካቱ በፊት እጅ ላይ አልቆ እናገኘዋለን።

የእግር ኳስ ልጆች የሚያመጡት ክፉ ልማድ ኳሱን ወደ ላይ መወርወር ነው። መድኃኒቱ የሚያሰለች ነው፤ ለዚህም ብዙዎች አይወስዱትም። ሳይለጉ መልቀቅ። ሳሎን ውስጥ ምንጣፍ ላይ ቆሞ፣ እጁን ዘርግቶ፣ ኳሱን ለቆ መሬት ሲነካ ማየት። በየቀኑ መቶ ጊዜ። ለእርስዎ የምመክረው ጎረቤት ከታች ካለ ፎጣ እንዲያነጥፉ ነው፤ እኛ ቤት የታችኛው ተከራይ ሦስት ጊዜ መጥቶ በር አንኳኩቷል።

እጅ ስል መቀበሉንም ነው። በሁለተኛ ዓመቴ አንድ ዝናባማ ቅዳሜ ኳሱ ወደ እኔ እየመጣ ሳለ ዓይኔን አንሥቼ የሚሮጥብኝን ሰው አየሁ። ለቅጽበት ነው። ኳሱ በጣቶቼ መሀል አልፎ ደረቴን መትቶ ወደቀ፤ ተጋጣሚው አንሥቶ ነጥብ አደረገው። ያን ቀን ሌሎቹን ስድስት ምቶች በደንብ ለግቻለሁ፤ እስከ ዛሬ ያስታወሰኝ ሰው የለም።

የእኔ ስሕተት ጥቂት መቶ ሰው ፊት ነበር። በጥቅምት 2015 ሚሺጋን ሚሺጋን ስቴትን 23 ለ 21 እየመራ፣ አሥር ሰከንድ ቀርቶት፣ ከ110,000 በላይ ሕዝብ በተቀመጠበት ስታዲየም የሚሺጋኑ ፐንተር አውስትራሊያዊው ብሌክ ኦኒል ገባ። ይህ ልጅ በዚያው ጨዋታ 80 ያርድ የሄደ ኳስ ለግቶ ነበር። ኳሱ ዝቅ ብሎ መጣበት፤ ከእጁ አመለጠው፤ አንሥቶ ለመለጋት ሲታገል ተያዘና ኳሱ አየር ላይ ተነጠቀ። ጄለን ዋትስ ጃክሰን የተባለው የሚሺጋን ስቴት ተጫዋች ይዞት ሮጦ ሰዓቱ ሲያልቅ ግብ መስመሩ ላይ ወደቀ፤ 27 ለ 23። ኦኒል ከዚያ በኋላ በማኅበራዊ መገናኛ የደረሰበት ስድብ ሰው የሚችለው አልነበረም። ይህን የምነግርዎት ለማስፈራራት አይደለም፤ ልጅዎ ቤት ገብቶ ክፍሉን ዘግቶ የሚቀመጥበት ቅዳሜ እንደሚመጣ አውቀው እንዲጠብቁት ብዬ ነው። በዚህ ቦታ የሚጫወት ሰው በአንድ ጨዋታ የሚገባው አምስት ወይም ስድስት ጊዜ ነው። አንዱን ካበላሸ የሚክስበት ዕድል ላያገኝ ይችላል።

ስለ አውስትራሊያውያን ሁለት ጊዜ ጠቀስሁ፤ በአጋጣሚ አይደለም። በአገራቸው የሚወደደው ፉትቦል ኳሱን በእጅ ለቆ እየለጉ ለጓደኛ ማቀበል ነው፤ ስለዚህ ያን «መልቀቅ» የሚሉትን ነገር ከአምስት ዓመታቸው ጀምሮ ያውቁታል። በ2007 ናታን ቻፕማን የሚባል የቀድሞ ተጫዋች ሜልቦርን ውስጥ ፕሮኪክ አውስትራሊያ የሚል ማሠልጠኛ ከፈተ፤ እነዚህን ልጆች እያዘጋጀ ወደ አሜሪካ ኮሌጆች ይልካል። ለኮሌጅ ምርጥ ፐንተር ከ2000 ጀምሮ በየዓመቱ የሚሰጠውን የሬይ ጋይ ሽልማት ከ2013 እስከ 2024 ባሉት አሥራ ሁለት ዓመታት ውስጥ ዘጠኙን የወሰዱት አውስትራሊያውያን ናቸው። ሽልማቱ የተሰየመለት ሬይ ጋይ በ1973 የፕሮፌሽናል ቡድኖች የኮሌጅ ተጫዋቾችን በየተራ በሚወስዱበት ዓመታዊ ምርጫ በመጀመሪያው ዙር ወደ ኦክላንድ ሬይደርስ የገባ፣ በ2014ም በፐንተርነቱ ብቻ የፕሮፌሽናል ፉትቦል የክብር አዳራሽ ለመግባት የመጀመሪያ የሆነ ሰው ነው። እርሱ የለጋቸውን ኳሶች አሮጌ ፊልም ላይ ልጅዎን ያሳዩት።

አውስትራሊያውያኑ ይዘውት የመጡት ነገር በኮሌጅ ሕግ የተመቻቸ ነው። በፕሮፌሽናሉ ሊግ ኳሱ ሳይለጋ በፊት ወደ ፊት መሮጥ የሚችሉት ጫፍ ላይ የቆሙ ሁለት ሰዎች ብቻ ናቸው። በኮሌጅ ግን ሁሉም መሮጥ ይችላል። ስለዚህ ኮሌጆች ሦስት ግዙፍ ሰዎችን ፐንተሩ ፊት እንደ ጋሻ ያቆሙና ሌላውን ሁሉ ይለቁታል፤ ፐንተሩም ከፈለገ ወደ ጎን ሮጦ፣ አይቶ፣ ኳሱን መሬት ለመሬት እያንከባለለ ይለጋል። ወይም ኳሱን ቀጥ አድርጎ ይዞ ወደ ኋላ እየተሽከረከረ እንዲወጣ ያደርገዋል፤ ያ ኳስ መሬት ሲነካ ወደ ለጊው ይመለሳል እንጂ ወደ ግብ ክልሉ አይሸሽም። ልጅዎ ይህን የኋለኛውን መማር አለበት። እንደ እንዝርት የሚሾረውን ብቻ የሚያውቅ ልጅ ዛሬ ግማሽ ፐንተር ነው።

ለእርስዎ የዚህ ትርጉሙ ምንድን ነው? የሜሪላንዱ የአሥራ ስምንት ዓመት ልጅ ለአንድ ቦታ የሚፎካከረው ከሰፈሩ ልጆች ጋር ብቻ ሳይሆን ሃያ ዓመት ካለፋቸው፣ ጺም ካበቀሉ ጎልማሶች ጋርም ነው።

ወደ ገንዘቡ እንምጣ። በኮሌጅ ፉትቦል ከፍተኛው እርከን ከ130 በላይ ቡድኖች አሉ። እያንዳንዱ ቡድን የሚያጫውተው ፐንተር አንድ ነው። ሯጭ ከሆነ አራት አምስቱ ይፈራረቃሉ፤ ተከላካይ ከሆነ ሰው ሲደክም ይገባል፤ ፐንተር ግን እንደ ግብ ጠባቂ ነው፤ አንደኛው ካልታመመ ወይም ካልተመረቀ ሁለተኛው ማልያውን ሳያቆሽሽ ዓመቱን ይጨርሳል። ስለዚህ ብዙ ወላጅ ሲስት የማየው እዚህ ላይ ነው፤ የቡድኑን ዝና ያያል፣ ወንበሩ መቼ ባዶ እንደሚሆን አያይም። የየዩኒቨርሲቲው የተጫዋቾች ዝርዝር ለማንም ክፍት ነው። ከልጅዎ ጋር ተቀምጣችሁ ሠላሳ ትምህርት ቤት ምረጡ፤ ፐንተራቸው ስንተኛ ዓመት እንደሆነ ጻፉ። ልጅዎ በሚገባበት ዓመት የሚመረቅባቸው ሰባት ወይም ስምንት ይሆናሉ። ደብዳቤና ቪዲዮ የሚላከው ለእነርሱ ነው። ተጫዋች በአምስት ዓመት ውስጥ አራት የውድድር ዘመን መጫወት ስለሚችል ሒሳቡ ያንን ይጨምር። ከ2024 ወዲህ ደግሞ ትምህርቱን በአግባቡ የያዘ ተጫዋች በየዓመቱ ቢሆን እንኳ ዩኒቨርሲቲ ቀይሮ ወዲያው መጫወት ይችላል፤ ወንበሩ ባዶ ነው ብላችሁ የገባችሁበት ቤት ከሌላ ቦታ የመጣ የአራተኛ ዓመት ተማሪ ተቀምጦበት ልታገኙ ትችላላችሁ። ዝውውሩ ለልጅዎም ያው በር ነው፤ ከትንሽ ኮሌጅ ጀምሮ ወደ ትልቁ መውጣት ዛሬ ከድሮው ይቀላል።

ነጻ የትምህርት ዕድሉ እውነት ነው፤ ከመጀመሪያው ቀን የሚገኘው ግን ለጥቂቶች ነው። ለብዙ ዓመት አንድ የከፍተኛው እርከን ቡድን 85 ሙሉ ዕድል ብቻ መስጠት ይችል ስለነበር አሰልጣኞች አንዱን ለፐንተር ለመስጠት ይሰስቱ ነበር። የተለመደው መንገድ ልጁ በራሱ ወጪ ገብቶ፣ ቦታውን ታግሎ ወስዶ፣ ከዚያ በሁለተኛ ወይም በሦስተኛ ዓመቱ እንዲከፈልለት ነው። በ2025 ሕጉ ተለወጠ፤ የ85ቱ ገደብ ተነሥቶ በምትኩ ቡድኑ ከ105 ተጫዋች በላይ እንዳይዝ ተባለ። ሲሰሙት ጥሩ ይመስላል፤ ለሁሉም ዕድል መስጠት ይቻላላ። ግን ቀድሞ 120 ሰው ይዘው የነበሩ ቡድኖች ሲያሳጥሩ መጀመሪያ የሚቀነሰው በራሱ ወጪ የመጣው ሁለተኛ ፐንተር ነው። እኔ ይህ ለውጥ ለልጅዎ ዓይነት ልጆች ጎድቷል ባይ ነኝ። ከዚያ በታች ባሉት እርከኖች ዕድሉ ተከፋፍሎ ይሰጣል፤ የግማሽ ክፍያ፣ የሩብ ክፍያ። የኮሌጅ ስፖርት ከሚከፈልባቸው ሦስት ዲቪዚዮኖች የመጨረሻው፣ ሦስተኛው ዲቪዚዮን፣ እና እነ ሃርቫርድ ያሉበት አይቪ ሊግ ለስፖርት ብሎ የሚከፍል ነገር የላቸውም፤ በቤተሰብ ገቢ ላይ የተመሠረተ እርዳታቸው ግን ለመካከለኛ ኑሮ ቤተሰብ ከግማሽ ስኮላርሺፕ ሊበልጥ ይችላል። ወላጆች ይህን ሲንቁት ያናድደኛል።

ትምህርቱን ሳልጠቅስ እንዳላልፍ። ለአንደኛ ዲቪዚዮን ብቁ ለመሆን በሁለተኛ ደረጃ 16 የተወሰኑ ዋና ዋና ትምህርቶችን ወስዶ ቢያንስ 2.3 አማካይ ውጤት ማምጣት ይጠበቅበታል። ይህ ወለሉ ነው። ለፐንተር የስፖርት ስኮላርሺፕ መስጠት የማይፈልግ አሰልጣኝ 3.7 ያለውን ልጅ በትምህርቱ ስኮላርሺፕ አስገብቶ ከራሱ ኪስ ሳያወጣ ፐንተር ያገኛል። ልጅዎ ለሒሳብ ፈተናው የሚያጠናት እያንዳንዷ ሰዓት ለፐንተርነቱም ናት።

ከ2021 ጀምሮ የኮሌጅ ተጫዋቾች በስማቸውና በምስላቸው ገንዘብ ማግኘት ይችላሉ። ፐንተር ግን ማስታወቂያ የሚሠራ ፊት አይደለም፤ ብዙ አይጠብቁ። እዚህ ላይ አንድ ጥንቃቄ አለ። ቶሪ ቴይለር «መለጋት ማሸነፍ ነው» የሚል ቲሸርት ሲሸጥ ገቢው ለበጎ አድራጎት የዋለው በተማሪ ቪዛ ላይ ስለነበር ነው፤ በዚያ ቪዛ ያለ ተማሪ እንደ አሜሪካውያኑ ከዚህ መጠቀም አይችልም። ልጅዎ ዜጋ ወይም ቋሚ ነዋሪ ከሆነ ይህ አይመለከተውም። ካልሆነ ግን ማንኛውንም ወረቀት ከመፈረሙ በፊት የኢሚግሬሽን ጠበቃ ያነጋግሩ።

መተዳደሪያ ይሆነዋል ወይ ላሉት፤ በፕሮፌሽናሉ ሊግ 32 ቡድን አለ፤ 32 ፐንተር። በ2025 ለአዲስ ገቢ ዝቅተኛው የዓመት ደመወዝ 840,000 ዶላር ነበር። ቴይለርን ቺካጎ ቤርስ በ2024 በአራተኛው ዙር 122ኛ አድርጎ ወሰደው፤ ለፐንተር ይህ ትልቅ ክብር ነው። ብዙው ፐንተር በዚያ ዓመታዊ ምርጫ ስሙ ሳይጠራ ነው የሚገባው። ጄፍ ፊግልስን ማንም አልመረጠውም፤ ግን 22 የውድድር ዘመን ተጫወተ። ራያን ስቶንሃውስንም በ2022 ማንም አልመረጠውም፤ በዚያው ዓመት በአማካይ 53.1 ያርድ ለግቶ ከ1940 ጀምሮ የቆየውን የሳሚ ቦን ክብረ ወሰን ሰበረ። ኢታን ኢቫንስ ደግሞ የመጣው ብዙ አሜሪካዊ እንኳ ስሙን ከማይሰማው ከሁለተኛ ዲቪዚዮኑ ዊንጌት ነው። እነዚህን ሲሰሙ በሩ ሰፊ ይመስላል። ፊግልስ 22 ዓመት መቀመጡ ግን ለሌላው 22 ዓመት ወንበሩ ተያዘ ማለትም ነው። ካናዳ ውስጥና በጸደይ ወራት በሚካሄደው ሊግ ጥቂት ቦታ አለ፤ ክፍያው ቤት የሚያሠራ አይደለም። ስለዚህ ልጅዎ ፐንተርነትን ዲግሪ የሚገዛበት ገንዘብ አድርጎ ይያዘው። እኔ ያገኘሁት እርሱን ነው፤ አላማርርም።

ስለ ቆዳው ቀለም አልጠየቁኝም፤ ግን ልጁ ራሱ ሳያስበው አይቀርም። ይህ ቦታ ለረጅም ጊዜ የነጮች ሆኖ ኖሯል። ከፍሎሪዳ ኤ ኤንድ ኤም የወጣው ግሬግ ኮልማን በ1977 ወደ ሊጉ ሲገባ ከቀደምት ጥቁር ፐንተሮች አንዱ ነበር፤ የሬይ ጋይን ሽልማት የወሰደ የመጀመሪያው ጥቁር የጆርጂያ ቴኩ ፕሬስሊ ሃርቪን ሲሆን ዓመቱ 2020 ነው። እስከዚያ ሃያ ዓመት ፈጅቷል። በእኔ ግምት ምክንያቱ ችሎታ ሳይሆን አሰልጣኞች ፈጣን ጥቁር ልጅ ሲያዩ ወዲያው ለሌላ ቦታ ስለሚወስዱት ነው። የልጅዎ አሰልጣኝ አንድ ቀን «ሩጫህ ጥሩ ነው፣ ተቀባይ ሁን» ቢለው፣ እሺ ከማለቱ በፊት ከእርስዎ ጋር እንዲማከር ይንገሩት።

የጉዳቱ ነገር እናትን ሳያሳስብ አይቀርም። ከሜዳው ሰው ሁሉ የተሻለ ጥበቃ ያለው ፐንተሩ ነው፤ ለግቶ እግሩ በአየር ላይ ሳለ የገጨው ተጋጣሚ 15 ያርድ ይቀጣል፤ ኳሱም ለእኛ ይመለሳል። ኳሱን ይዞ ወደ ጎን ርቆ ከሮጠ ግን ያን ጥበቃ ያጣል። እኔን የሚያሰጋኝ ልምምዱ ነው። የጭኑ የኋላ ጅማትና ብሽሽቱ የሚጎዱት በየቀኑ ሁለት መቶ ኳስ ሲለጋ ነው። በሳምንት ሦስት ቀን፣ በቀን ከአርባ እስከ ሃምሳ ሙሉ ምት ይበቃዋል። በሌላው ቀን መልቀቁን ይለማመድ።

አንድ ተጨማሪ ሥራም ይማር። የሦስት ነጥብ ምት ሲመታ ኳሱን ተቀብሎ መሬት ላይ ቀጥ አድርጎ የሚይዘው ሰው በአብዛኛው ፐንተሩ ነው፤ ከስናፐሩ ጋር አብሮ የሚለማመድ ጊዜ ያለው እርሱ ነውና። አሰልጣኝ እኩል የሚለጉ ሁለት ልጆች ሲቀርቡለት መያዝ የሚችለውን ይወስዳል። ይህም የእጅ ሥራ ነው።

ስለ ማሠልጠኛ ካምፖች፤ ኮልስና ክሪስ ሴይለር የሚባሉት በስፋት ይታወቃሉ፤ ልጆችንም በደረጃ ያስቀምጣሉ፤ አሰልጣኞች ያዩታል። አንድ ጊዜ፣ ቢበዛ ሁለት ጊዜ መሄዱ አይከፋም። በየወሩ መክፈል ግን አያስፈልግም፤ ያን ገንዘብ ልጅዎ ለመረጣቸው ኮሌጆች የበጋ ካምፕ ያውሉት። እዚያ አሰልጣኙ ራሱ በዓይኑ ያየዋል፤ ሰዓቱንም ራሱ ይይዛል።

ሚያዝያ ሳይገባ ቪዲዮ ቢልኩልኝ አየዋለሁ። ሙዚቃ አይጨመርበት፤ አሥር ምት በተከታታይ፣ የተበላሸውም ሳይቆረጥ። ስልኩን ከኋላው በስተቀኝ፣ ወገቡ ከፍታ ላይ አድርጎ አባቱ ይቅረጸው። ኳሱ የት እንደወደቀ ባይታይ ግድ የለኝም፤ የምፈልገው ቀኝ እጁን ነው።